የካፒቴን ማጅድ አባት መርካቶ ነው

ባለፈው ሳምንት ወልቂጤ ሱቅ ውስጥ ለአንድ ደንበኛ ስልክ ፕሮቴክተር እየለጠፍኩ የራሴ ስልክ ጠራ። ስክሪኑ ላይ የመጣው ስም «ባሳም» ነው። ፎቶው ደግሞ እጅጌውን እስከ ትከሻው የጠቀለለ፣ ቅንድቡን የቋጠረ የካርቱን ልጅ። ደንበኛው አየት አደረገና «የልጅሽን ስልክ ነው እንዴ ይዘሽ የመጣሽው?» አለኝ።

«አይ፣ የራሴ ነው።»

«ታዲያ ካርቱኑ?»

«ጓደኛዬ ነው» ብዬ አነሳሁት። ሰውዬው የአርሰናል ማሊያ ለብሷል፤ ዕድሜው ከእኔ አሥር ዓመት ቢበልጥ እንጂ አያንስም። ለንደን ለሚጫወቱ፣ ስሙን እንኳን ለማያውቁ አሥራ አንድ ሰዎች እንቅልፍ የሚያጣ ሰው በእኔ ካርቱን ከንፈሩን ሲመጥ አየሁት። ምንም አላልኩም፤ ደንበኛ ነው።

33 ዓመቴ ነው። የ«ካፒቴን ማጅድ» ደጋፊ ነኝ። ስምንት ሆነን የቴሌግራም ግሩፕ አለን፤ ግሩፑ ውስጥ ማንም በመታወቂያ ስሙ አይጠራም። ማጅድ አለ፣ ባሳም አለ፣ ያሲን አለ። እኔ ወሊድ ነኝ። አዎ፣ ወሊድ። በአረብኛ የወንድ ስም ነው፤ የካርቱኑ ግብ ጠባቂ። በአማርኛ ምን ማለት እንደሆነ እኔም አውቃለሁ፣ እናቴም ታውቃለች። የአሥር ዓመት ልጅ እያለሁ የሰፈር ወንዶች «ወሊድ! ወሊድ ነይ!» እያሉ ሲጠሩኝ የሰማች ዕለት በማማሰያ ነው ያባረረቻቸው። ግብ ጠባቂ ያደረጉኝም ጎበዝ ስለሆንኩ እንዳይመስላችሁ። ሴት ስለሆንኩ ነው። ሴት ግብ ላይ ትቆማለች፣ አለቀ።

ለማታውቁት ላስተዋውቃችሁ። ካፒቴን ማጅድ ሲወለድ ማጅድ አልነበረም። ዮይቺ ታካሃሺ የሚባል ጃፓናዊ ሠዓሊ እ.ኤ.አ. በ1981 የጀመረው የሥዕል ታሪክ ነው፤ ዋናው ልጅ ፁባሳ ይባላል። ከኳስ ሌላ ወዳጅ የሌለው፣ ኳስን እንደ ሰው የሚያናግር ልጅ ነው። በ1983 ቴሌቪዥን ላይ ወጣ፤ ከዚያ ዓለምን ዞረ። ስፔን ሲደርስ ኦሊቨር ተባለ። አረብ አገር ሲደርስ ማጅድ ተባለ። ሜዳው ደግሞ ማለቂያ የለውም፤ አንዱ ተጫዋች ኳስ ይዞ መሮጥ ሲጀምር ግቡ ከአድማስ ማዶ ነው፣ እየሮጠ ልጅነቱን ያስታውሳል፣ ከእናቱ ጋር ያወራል፣ ኳሷን ሳይመታት ክፍሉ ያልቃል። አንድ ጨዋታ ሳምንት የሚፈጅበት ጊዜ አለ።

እኛ ጋ የደረሰው እንዴት ነው? ቸሃ ወረዳ፣ እምድብር ነው ያደግኩት። 1995 ዓ.ም. አካባቢ ከተማዋ ውስጥ አንድ ዲሽ ቤት ነበር። ማታና ቅዳሜ እሑድ ትልልቆቹ የእንግሊዝ ኳስ ያዩበታል። ቀን ቀን ግን ባዶ ነው፤ ስለዚህ ባለቤቱ ጋሼ ለእኛ ለልጆቹ በ25 ሳንቲም ስፔስቱን ይከፍትልናል። ስፔስቱን እ.ኤ.አ. በ2000 የተጀመረ የአረብኛ የልጆች ቻናል ነው፤ ፕሮግራሞቹን በፕላኔት በፕላኔት ይከፋፍላቸዋል፣ የስፖርት ፕላኔት ላይ ማጅድ አለ። የቻናሉ መፈክር «የወደፊቱ ወጣቶች ቻናል» የሚል ትርጉም አለው። የወደፊቱ ወጣቶች እንግዲህ እኛ ነበርን፤ አግዳሚ ወንበር ላይ ተደራርበን፣ ግማሾቻችን በባዶ እግር።

ሴት ልጅ ዲሽ ቤት ምን ትሠራለች? ይህ ጥያቄ ነበር፣ መልስም ነበረኝ፤ ታናሽ ወንድሜን አዝዬ እገባለሁ። «እሱ ነው ማየት የሚፈልገው፣ እኔ ይዤው ነው» እላለሁ። ወንድሜ ያን ጊዜ ገና አፉን አልፈታም። ጀርባዬ ላይ ይተኛል፣ እኔ አያለሁ። የማጅድን ዓለም ያወቅኩት በእሱ ትኬት ነው፤ እስከዛሬ ይጠይቀኛል ሒሳቡን።

ችግሩ ቋንቋው ነው። እኛ ቤት የሚነገረው ቸሃ ነው። አማርኛ የትምህርት ቤት ነው፤ እሱም ገና እያነከስን። አረብኛ ማ ሊያውቅ? እንግዲህ ባሳም የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። የእኛው ባሳም ማለቴ ነው፣ የቡታጅራው።

እምድብር አጎቱ ጋ ሊኖር የመጣ ልጅ ነው። አጎቱ ጨርቅ ይነግዳል። ልጁ ቡታጅራ እያለ ቁርአን ቀርቷል፤ አረብኛ ፊደል ያነባል፣ ከእኛ ጋር ግን በአማርኛ ነው የሚያወራው። የመጀመሪያው ቀን ዲሽ ቤቱ ውስጥ ከኋላ ተቀምጦ «አሁን እኮ ‹እናቴን አደራ› ነው ያለው» አለ። ሃያ ራስ ዞረ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጋሼ ገንዘብ ጠይቆት አያውቅም። የፊተኛው ወንበር ጫፍ የእሱ ሆነ፤ ማጅድ አፉን በከፈተ ቁጥር ባሳም ይናገራል። እኔ ማታ ቤት ገብቼ ያንኑ በቸሃ ለእህቶቼ እደግመዋለሁ። ከጃፓንኛ አረብኛ፣ ከአረብኛ አማርኛ፣ ከአማርኛ ቸሃ፤ ማጅድ እኛ ቤት ምድጃ ዳር ሲደርስ ብዙ አገር አቋርጧል።

በእርግጥ ነገሩ ጨርሶ ውሸት አልነበረም። የስፔስቱን ካርቱኖች በብዛት የሚተረጎሙት ደማስቆ ውስጥ ዘህራ በሚባል ማዕከል ነበር፤ የሚናገሩትም የሰፈር አረብኛ ሳይሆን ፉስሃ፣ ማለትም የመጽሐፍና የዜና አረብኛ ነው። ቁርአን የቀራ ልጅ እዚህም እዚያም ቃል ይለቅማል፤ እናት፣ ወንድም፣ ትዕግሥት፣ ድል፣ ልብ። ከአራት ቃል አንድ ታሪክ መሥራት ደግሞ የእሱ ሥራ ነው።

ስንት ጊዜ መብራት ይጠፋ እንደነበር ልንገራችሁ? ኳሷ አየር ላይ እያለች ቴሌቪዥኑ ድርግም ይላል። ሌላ ሰፈር ቢሆን ልጆች ተነስተው ወደ ቤታቸው ይሄዱ ነበር። እኛ ግን ወደ ጀፎረ ነው የምንወጣው። ጀፎረ የጉራጌ መንደር አውራ መንገድ ነው፤ በግራና ቀኝ ቤት ተሰልፎ፣ መሐሉ ሰፊ፣ ሣር የለበሰ፣ ሠርጉም ለቅሶውም መስቀሉም የሚውልበት። ባሳም እዚያ መሐል ቆሞ ከተቋረጠበት ይቀጥላል። ኳሷ የት እንደገባች፣ ማጅድ ምን እንዳለ፣ ማን እንዳለቀሰ። በማግስቱ መብራት መጥቶ ስናየው ውጤቱ ሌላ ከሆነ «ይሄ ሌላኛው ጨዋታ ነው» ይላል። እናምነዋለን። የእኛ ጀፎረ ራሱ እንደ ማጅድ ሜዳ መጨረሻው አይታይም፤ ከዳር እስከ ዳር ኳስ እየነዳን፣ እየሮጥን ለእናታችን እያወራን ነበር የምንጫወተው። ወሊድ ግቡ ላይ፣ ሕፃን ጀርባዋ ላይ።

በባሳም ትርጉም የማጅድ አባት መርካቶ ነው የሚሠራው። ዕቃ ጭኖ ያወርዳል፣ ከዚያ ትንሽ ሱቅ ይከፍታል፣ ለመስቀል ይመጣል፣ ሲመጣ ኳስ ያመጣል። ለእኛ ይህ ምንም የሚያስገርም አልነበረም። የማን አባት ነው መርካቶ የሌለው? የባሳም አባትም፣ የካርቱኑ ባሳም አባት ማለቴ ነው፣ መርካቶ ነው። እሱም ለመስቀል ይመጣል። ባሳም ጨካኝ የሚመስለው አባቱ ስለዘገየበት ነው አለን።

በ2003 ዓ.ም. ኩዌት ሄድኩ፣ ቤት ሠራተኛ ሆኜ። ስለ መንገዱና ስለ ሥራው ብዙ ተጽፏል፣ እኔ አልጨምርም። ሦስት ዓመት ሠርቼ ተመለስኩ፣ በቃ። የገባሁበት ቤት እመቤቲቱ ስሜ አልያዝላት ሲል በሩ ላይ «መርየም» አለችኝ፤ ሦስት ዓመት መርየም ሆንኩ። ያኔ አልገባኝም ነበር እንጂ ፁባሳም ድንበር ሲሻገር ያደረጉት ይህንኑ ነው።

የቤቱ ጌታ ያኔ ወደ 35 ይጠጋል። ዓርብ ማታ ልጆቹን ሰብስቦ የልጅነቱን ካርቱን በዲቪዲ ያሳያቸዋል። ልጆቹ ታብሌት ነው የሚፈልጉት፤ እሱ ግን መክፈቻ ዘፈኑን ከስክሪኑ እኩል ይዘፍናል፣ ዓይኑ ያብረቀርቃል። አንድ ዓርብ ሻይ ይዤ ገባሁ። ሜዳው አለ፣ አድማሱ አለ፣ እጅጌውን የጠቀለለው ልጅ እየሮጠ ነው። ትሪውን እንደያዝኩ «ባሳም» አልኩ። ማለት አልፈለግኩም፣ ወጣ።

ሰውየው ዞረ። «ታውቂዋለሽ?»

«አዎ።»

«አገራችሁ ቴሌቪዥን አለ?»

ትሪዬን አስቀምጬ ስለ ጋሼ ዲሽ ቤት፣ ስለ 25 ሳንቲም፣ ስለ ወንድሜ ጀርባ ልነግረው ፈለግኩ። አረብኛዬ አልበቃም። ያለኝን ሰብስቤ አንድ ዓረፍተ ነገር ሠራሁ፤ ልጆቹ ተንከባለው ሳቁ። ነገሩ ምን መሰላችሁ፣ ከእመቤቲቱ የለመድኩት የወጥ ቤት አረብኛ ነው፤ የቀረውን የተማርኩት ልጆቹ ካርቱን ሲያዩ ከበር ላይ ቆሜ ነው። ስለዚህ ስለ ዳቦና ስለ ሳሙና እንደ ኩዌት ሰው፣ ስለ ሌላው ነገር ሁሉ እንደ ካፒቴን ማጅድ ነበር የማወራው። የቤት ሠራተኛዋ በዜና አንባቢ አረብኛ «እኛም በልጅነታችን እንወደው ነበር» ስትል አስቡት።

ሰውየው አልሳቀም። ቁጭ በይም አላለኝም። በሚቀጥለው ዓርብ ግን የሳሎኑን በር ክፍት ተወው፤ ከዚያ በኋላም አልዘጋውም። እሱ ሶፋው ላይ፣ እኔ ኮሪደሩ ላይ ልብስ እያጣጠፍኩ፣ አንድ ዓመት ሙሉ አብረን አየን ልበል? አብረን ነው ማለት ይከብዳል። ለየብቻም ነው ማለት ይከብዳል።

መስማት የጀመርኩት በዚያ ኮሪደር ነው። ከጥቂት ወራት በኋላ ንግግሩ ይገባኝ ጀመር፣ ሲገባኝ ደግሞ ልቤ ስብር አለ። «እናቴን አደራ» የሚባል ነገር የለም። አብዛኛው ጊዜ የሚሉት «ኳሷን ስጠኝ»፣ «ሩጥ»፣ «አትፍራ» ነው። መርካቶ የለም። መስቀል የለም። የኛ ባሳም ግማሹን ሳይሆን ከሞላ ጎደል ሁሉንም ከራሱ ነው ያወጣው።

አገሬ ገብቼ ስማርት ስልክ ስይዝ ዋናውን የጃፓን ታሪክ ፈልጌ አነበብኩ። የፁባሳ አባት መርከበኛ ነው፤ ካፒቴን፣ ብዙ ጊዜ ባሕር ላይ። እሺ፣ ይሁን፣ ባሕርና መርካቶ ያን ያህል አይራራቁም። ባሳም ጋ ስደርስ ግን ስልኩን አስቀመጥኩት። የባሳም አባት ሞቷል። ልጁ ትምህርት ቤት እየዋለ ሥራ የሚሠራው እናቱንና ታናናሾቹን ሊረዳ ነው። እልኸኛ የሆነው ለዚያ ነው።

የኛ ባሳም ከቡታጅራ አጎቱ ጋ የመጣው አባቱ በሞተ በዓመቱ ነበር። ይህንን ሁላችንም እናውቃለን፤ ልጅ እያለንም እናውቅ ነበር። ብቻ ያኔ አላገናኘነውም።

እዚህ ላይ ትንሽ ወጣ ልበልና፣ እንዲህ ዓይነት ሰው እኛ ብቻ እንዳልሆንን የሰማሁት በዚያው ስልክ ነው። ፈርናንዶ ቶሬስ፣ የሊቨርፑልና የቼልሲው፣ ኳስ የጀመረው በዚህ ካርቱን ምክንያት እንደሆነ ተናግሯል። የጃፓን ጦር ኢራቅ ሳማዋ በገባ ጊዜ ሕዝቡ ወዳጅ መሆናቸውን እንዲያውቅ የውሃ ቦቴዎቹ ላይ የካፒቴን ማጅድን ሥዕል ነበር የለጠፉት። ጃፓን የሚማር አንድ ሶርያዊ ወጣት የሥዕል መጽሐፉን ወደ አረብኛ ተርጉሞ፣ ቅጂዎቹ ለተሰደዱ የሶርያ ልጆች ታደሉ። ቶኪዮ ውስጥ ዮፁጊ የሚባል የባቡር ጣቢያ በሙሉ በፁባሳና በጓደኞቹ ሥዕል ያሸበረቀ ነው፤ አንድ ቀን ሄጄ ግቡ ላይ እቆማለሁ። አሜሪካኖቹማ ብሰዋል፤ ለትንንሽ ሴት ልጆች የተሠራ «ማይ ሊትል ፖኒ» የሚባል የባለቀለም ፈረሶች ካርቱን አለ፣ የ2010 ሥሪቱ ጢም ያወጡ ወንዶች ደጋፊ አፍርቶ «ብሮኒ» ተባሉ፣ እስከ 2019 ድረስ በየዓመቱ ትልቅ ጉባኤ ይጠሩ ነበር። ስለ እነሱ ሳነብ መጀመሪያ ሳቅሁ። ቀጥሎ የአርሰናሉ ደንበኛዬ እኔን እንዳየኝ እያየኋቸው መሆኑ ገባኝና ተውኩት። አገራችንም ቢሆን «ፀሐይ መማር ትወዳለች»ን እያዩ ያደጉት ዛሬ ዩኒቨርሲቲ ጨርሰዋል፤ ያቺን ቀጭኔ አሻንጉሊት ሲያዩ ፊታቸው ምን እንደሚሆን ተመልከቱ። አባባ ተስፋዬ በ2009 ዓ.ም. ሲያርፉ ያዘኑትም ልጆች ሳይሆኑ የልጆች እናቶችና አባቶች ነበሩ።

ወደ ባሳም ልመለስ። የዛሬ ሁለት ዓመት፣ መስከረም 14 ማታ፣ ደንጌሳት ነው፤ ልጆች ደመራቸውን የሚለኩሱበት። የመርካቶዎቹ ሁሉ ገብተዋል። ባሳምም ከቡታጅራ መጥቷል፤ መስቀል ባይሆንለትም አጎቱን ለማየት ብሎ በየዓመቱ ይመጣል። አሁን ባጃጅ አለው፣ ሁለት ልጆች አሉት። ጀፎረው ላይ እሳቱ ዳር ተቀምጠን ለብቻው ያዝኩት።

«አንተ ውሸታም» አልኩት። «ሁሉን ሰማሁት እኮ። አንድም ቃል እውነት አልነበረም።»

አልደነገጠም። «አረብኛ ተማርሽ አይደል? አሁን ቶሎ ቶሎ ይገባሻል» አለ፣ ይስቃል።

«የማጅድ አባት መርካቶ ነው አልከን።»

«እናንተ ሰፈር ሌላ ቦታ የሚሄድ አባት አላየሁማ። ባሕር ብላችሁ ይገባችሁ ነበር?»

ባሕር ማለቱን ልብ አልኩ። «ስለዚህ ታውቅ ነበር?»

እንጨት ወደ እሳቱ ገፋ አደረገ። «አንዳንዱን አውቅ ነበር።»

«የባሳምንስ?»

ልጆቹ ችቦ ይዘው እየጮሁ በፊታችን አለፉ። እስኪያልፉ ጠበቀ። «እሱን ክፍል ሳየው አንቺ አጠገቤ ነበርሽ» አለኝ። «ወንድምሽ ጀርባሽ ላይ ያለቅስ ነበር። ‹ምን አለ? ምን አለ?› እያልሽ ክርኔን ትጎትቺኛለሽ። ሃያ ልጅ ዞሮ ያየኛል። ምን ልበል ታዲያ? ሞቷል ልበል?» ትንሽ ዝም አለና «ደግሞ እኮ ነፃ ነበር የምገባው። በነፃ የገባ ሰው ሰው አያስለቅስም» አለ።

እኔም የምመልሰው አጣሁ። ከመርካቶ የመጣው ማጅድ ክትፎ ይዞ መጣና ጨዋታው ወደ ሌላ ሄደ። በዚያው ሌሊት ግን የቴሌግራም ግሩፑን ከፈትን፤ እስከዚያ ቀን የተበታተነ የስልክ ቁጥር ነበር። መጀመሪያ የተላከው ስቲከር እጅጌውን የጠቀለለው ልጅ ነው።

ግሩፑ ውስጥ ምን እንደምናወራ ብታዩ ትስቃላችሁ። አንድ ሰሞን ሁለት ሳምንት የተከራከርነው የማጅድ ሜዳ ስንት ኪሎ ሜትር ይሆናል በሚለው ነው፤ ያሲን በእምድብርና በወልቂጤ መሐል ያለውን መንገድ ለመለኪያ አቅርቦ ነበር። ታካሃሺ በ2024 መጽሔት ላይ መሣሉን ማቆሙን የሰማን ቀን ግን ማንም አልቀለደም። ሌላ ጊዜ ደግሞ የካርቱን ወሬ ሰበብ ነው። የአንዳችን እናት ስትታመም ገንዘቡን ያሰባሰበው ማጅድ ነው፤ ባንክ የገባው «ከአሥራ አንዱ» ተብሎ ነው፣ ስምንት ሆነን እንኳ።

ባለፈው እሑድ የእህቴ ልጅ ቤት መጣች። ስድስት ዓመቷ ነው። ስልኬን ወስዳ የምታየውን ስትፈልግ ማጅድ ላይ ጣቷ አረፈ፤ አረብኛው ነው። ለአምስት ደቂቃ ዝም ብላ አየች። ሜዳው ተዘረጋ፣ እጅጌውን የጠቀለለው ልጅ መጣ፣ ቆሞ የሆነ ነገር ተናገረ።

«አክስቴ፣ ምን አለ?»

ያለውን ሰምቻለሁ። «አልሸነፍም» ነው ያለው፣ ሌላ ምንም አላለም። ልጅቷ ክርኔን ጎተት አደረገችኝ። «ምን አለ? አባቱስ የት ነው?»

«መርካቶ ነው» አልኳት። «ለመስቀል ይመጣል።»